ከህንድ የመጣው ነገረ ፈጅ

የሸዋ ጦር አገሩን ባቀና በጥቂት ዓመቱ ወታደር ባሌን ተከትዬ ከሸዋ ጎባ ገባሁ። በሦስተኛው ክረምት እሱ ለዘመቻ ቆላ ወርዶ ንዳድ ገደለው። ልጅ አልነበረንም፤ ዘመዶቼም ሁሉ ሸዋ ናቸው። ጉሙ ከተራራው ወርዶ ደጄን ሲሸፍነው፣ ከሰው ጋር ቃል ሳልለዋወጥ የምውልበት ቀን ብዙ ነበር።

ሐዘኔ ሳይወጣልኝ የባለቤቴ አለቃ መልእክተኛ መጣ። «ለባልሽ መሬቱ የተሰጠው ለአገልግሎት ነው፤ አገልጋዩ ሞቷል። ቤቱንም ልቀቂ» አለኝ።

ያኔ ከሐረር የመጣ ጨርቅ ነጋዴ ጎባ ነበረ። የነጋዴው ጸሐፊ ህንዳዊ ነበሩ። በአገራቸው ሕግ ተምረው ሲሟገቱ ኖረው፣ ከእንግሊዝ ዳኛ ጋር ተጣልተው ከሙግት ስለከለከሏቸው የተሰደዱ ሰው ናቸው። አማርኛውን ቃል በቃል እየፈለጉ ነበር የሚናገሩት። ነገረ ፈጅ ይሁኑኝ ብዬ ለመንኋቸው።

«ከባልዎ በፊት መሬቱ የማን ነበር?» አሉኝ።

«የሚያርሰው ሰውዬ የአባቴ ነበር ይላል።»

«እንግዲያው ስለ ቤቱ እሟገታለሁ። ስለ መሬቱ አልችልም።»

ተናደድሁ። «የቆሙት ለእኔ ነው ለእሱ?»

«ለእርስዎ ነው፣ እሜቴ። ግን በአገሬ የአባቴን እርሻ የወሰዱብን በእንዲህ ያለ ክርክር ነው። ያን ክርክር በአፌ አልደግመውም።»

ችሎቱ ጽድ ሥር ተቀመጠ። ህንዳዊው ብዙ አልተናገሩም፤ ያንኑ አራሽ ለምስክርነት ጠሩት። ቢጠላኝ አይፈረድበትም ነበር። እሱ ግን በኦሮምኛ «ጭቃውን በእግሯ ስታቦካ አይቻለሁ፤ ቤቱን የሠራችው እሷ ናት» ብሎ መሰከረ። ቤቱና ጓሮው ለእኔ ተፈረደ። መሬቱ ለሌላ ወታደር ተሰጠ፤ አራሹም ለአዲሱ ጌታ መገበሩን ቀጠለ። ከዚያ ወዲህ በደጁ ባለፍሁ ቁጥር «አካም ቡልቴ?» እንዴት አደርሽ ይለኛል፤ አፍሬ ቀና ብዬ አላየውም።

ህንዳዊው እሑድ እሑድ እየመጡ ስለ አገራቸው ያወጉኝ ነበር። አንድ ቀን ግን «ልመለስ ነው» አሉ። «ዳኛ ፊት የሚፈታው የአንድ ሰው ነገር ነው። የብዙው ሰው ነገር የሚቆረጠው ምክር ቤት ውስጥ ነው።» እስከ ሮቤ ሜዳ ሸኘኋቸው። ስመለስ መንገዱ አላልቅ አለኝ።

ከብዙ ዓመት በኋላ ያው ነጋዴ የህንዳዊውን ደብዳቤ አመጣልኝ። የቤተ ክርስቲያናችን ደብተራ አነበበልኝ። ለምክር ቤት ተመርጠዋል፤ ስለ ገበሬው ግብር ተናግረው ታስረዋል፤ ተፈትተው እንደገና ተመርጠዋል። «ስናገር ብዙ ሰው ያዳምጠኛል» ይላል፣ «ቤቴ ስገባ ግን የሚያናግረኝ የለም። እንደ ጎባው እሑድ ያለ ቀን አላገኘሁም።»

መልሱን በደብተራው አስጽፌ ለነጋዴው ሰጠሁት። በዓመቱ በእሱ ፈንታ ሌላ ነጋዴ መጣ። ስለ ህንዳዊው ብጠይቀው፣ ስማቸውን እንኳ ሰምቶ አያውቅም፤ መልሴ ይድረሳቸው አይድረሳቸው ሳላውቅ ቀረሁ።