የቁስቋሙ የፊልም ለቅሶ

እሺ ብለዋል። ደስታው አላስቀምጥ ብሎኝ ነው ብዕር ያነሳሁት። እሺ ያሉት የቁስቋሟ እማማ ወለተ ማርያም ናቸው፤ እፎይ ያለው ግን ኤርሚያስ ነው፣ የሽሮ ሜዳው የሸማኔ ልጅ።

ኤርሚያስ ከሠርግ ቪዲዮ ተነስቶ ስንቱን ፊልም የቀረጸ ካሜራማን ነው። ዘንድሮ ዳይሬክተር ሆነና ልጇ የሞተባትን እናት ታሪክ ሊሠራ ተነሳ። እናቲቱን እንዲሆኑለት የለመነው የአባቱን ነጠላ ሲገዙ የኖሩትን እማማን ነው።

የቀረጻው ዕለት እማማ በገዛ ግቢያቸው ለቅሶውን እንደ ልምምዱ ጀመሩ። ትንሽ ቆይተው ግን የፊልሙን ልጅ ትተው የራሳቸውን ሟች ልጅ፣ የመሳይን ስም ይጠሩ ጀመር። ደረታቸውን መቱ። ካሜራ የያዘው ባልደረባው ዞር ብሎ ኤርሚያስን አየው። ኤርሚያስ እንባቸው ላይ ያረፈውን ብርሃን እያየ «በቃ» የሚል ሰው ይጠብቃል፤ እስከዚያ ዕለት ቀረጻ አስቁሞ «በቃ» ባዩ ሌላ ዳይሬክተር ነበርና። እማማ ከተቀመጡበት ዱካ ወደቁ።

በዚህ መሃል ለቅሶውን የሰማ ጎረቤት ነጠላውን አዘቅዝቆ ግቢውን ሞላው። የዕድሩ ዳኛ ጋሽ ቶሎሳማ ድንኳን አዘው ነው የደረሱት።

«ማን ነው የሞተው?» አሉ።

«ማንም... ማለቴ፣ ፊልም ነው ጋሼ» አለ ኤርሚያስ።

ጋሽ ቶሎሳ ካሜራውን አዩ፤ እማማንም አዩ። «ፊልሙስ ይሁን። እሳቸው የሚያለቅሱት ለማን ነው?»

ኤርሚያስ መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠው በወደደ። እማማ በራቸውን ዘጉ፤ ያለ እሳቸው ደግሞ ፊልም የለም። በደጃቸው ለማለፍ አፍሮ በላይኛው መንገድ መዞር ያዘ። ይበልጥ ያሸማቀቀው ግን ሌላ ነው፦ ቀረጻውን ቤቱ ገብቶ ሲያየው፣ በዕድሜው ከሠራው ሁሉ አምሮ አገኘው።

ዛሬ ከቅዳሴ መልስ እንደ ምንም ደጃቸው ቆመ። ይቅርታ ሊል አስቦ አንገቱን ደፋ።

«መሳይን የጠራሁበት ይውጣ፤ እሱ የቤቴ ነው» አሉት እማማ። «ሌላውን እንደገና አለቅስልሃለሁ። አንተ ካሜራህን ብቻ ካየህ ግን፣ እኔን ማን በቃ ይለኛል?»

«እኔ ነኝ የምልዎት፣ እማማ» አለ። ቀና ብሎ ግን አላያቸውም።

ቀረጻው ነገ ነው። ጋሽ ቶሎሳ የነገው ለቅሶ የፊልም ስለሆነ ማንም ነጠላውን እንዳያዘቀዝቅ በዕድሩ ለፋፊ አስነግረዋል፤ ኤርሚያስ ልፈፋውን ሲሰማ ፊቱን በእጁ ሸፈነ አሉ። ጎረቤታችን ሰርካለም ግን በግ ልትገዛ ሸጎሌ ሄዳ አልሰማችም። በሉ፣ ነገ ሳትደነግጥ ልድረስባት።