ከፓስታው በኋላ የመጣው ጥብስ

የልጄን እጮኛ ወላጆች ለመጠየቅ ጣሊያን ከመሄዳችን በፊት፣ ልጄ አውሮራ ቤታችን ውስጥ ሳምንቱን ሙሉ የአገሩን ወግ አስጠናችኝ።

«አባዬ ፕሊስ፣ የሰጡህን እንዳታስተርፍ፤ እናቱ ይቀየማሉ።»

እዚያ ስንደርስ እናትየው ፓስታ አቀረቡ። ፓስታን እኔ ላላውቀው! እንደኛ ቤት እራቱ እሱ ብቻ መስሎኝ ሁለት ጊዜ አስጨምሬ ሳህኑን ወለወልኩት። ቀበቶዬን ሳላላ የጥጃ ጥብስ መጣ።

«ይሄ ደግሞ ምንድነው?» አልኳት ልጄን በአማርኛ።

«ዋናው ምግብ ነዋ! ፓስታው መጀመሪያ ነው።»

«ሳምንት ሙሉ ስትጨቀጭቂኝ ከርመሽ ይህን ዘለልሽው?» ደሜ ፈላ።

በጠረጴዛው ሥር እግሬን ረገጠችኝ፤ እናትየው እያዩኝ ነው። ለትዳሯ ስል እየተናደድኩ ጨረስኩት። ሁለተኛውን ቁራጭ የወሰድኩት ግን ለትዳሯ ብዬ አልነበረም።