ያላኘኩት ማስቲካ

የልጅ ልጄ በፊልም ሌባ አድርጎኛል። ይጻፍልኝ ብዬ ማንንም አልለምንም፤ እስከ አራተኛ ክፍል ተምሬያለሁ፣ ራሴ እጽፈዋለሁ።

እህል በረንዳ ሠላሳ ዓመት ሽምብራና ምስር ስሸጥ አንድ ሰው እንኳ "ሚዛንሽ ይጎድላል" ብሎኝ አያውቅም። እኔው ያሳደግኩት ልጅ ግን የፊልም ደራሲ ሆነና ስለ እምነትና ስለ ሕሊና ነው ያለውን ፊልም ጻፈ። ፊልሙ የተመረቀ ቀን ፊት ወንበር ላይ አስቀመጠኝ። መብራቱ ሲጠፋ እኔው ራሴ ብቅ አልኩ! ሻሹ የእኔ፣ "ራጉኤል ምስክሬ ነው!" የሚለው መሐላ የእኔ፣ ቁጣው የእኔ። ሴትዮዋ እህሉ ከሚቀመጥበት ሳህን ሥር ጠጠር በማስቲካ ትለጥፋለች። መጨረሻ ላይ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ተደፍታ ትናዘዛለች። አዳራሹ በሙሉ አለቀሰ። እኔ ጥርሴን ነክሼ ተቀመጥኩ። ሌብነቱ ሳያንስ ማስቲካ! በዕድሜዬ አኝኬ አላውቅም።

በሳምንቱ የንስሐ አባቴ ቤቴ መጡ። በዕድሜ ልጄ ቢሆኑ ነው፣ ግን "ልጄ" የሚሉኝ እሳቸው ናቸው።

"ልጄ፣ ለሲኒማ ቤት የተናዘዝሽውን ከእኔ ደበቅሽ?"

"ኧረ አባ፣ እኔ አይደለሁም!"

"ሻሹ ያንቺ ነው። በዓይኔ አይቻለሁ።"

"እርስዎ ሲኒማ ገቡ?"

ጉሮሯቸውን ጠረጉ። "ዲያቆኑ ነው በስልኩ ያሳየኝ። በይ፣ አርባ ስግደት። እስክትጨርሺ ቁርባን የለም።"

ፋሲካ ሊደርስ ነው፤ ሳልቆርብ ፈስኬ አላውቅም። ግን ላልሰረቅኩት ሽምብራ፣ በዚህ ጉልበት፣ አርባ ስግደት? የሠራው ይስገድ ብዬ ልጁን አስጠራሁና አባ ፊት አቆምኩት።

"ለምንድን ነው ሌባ ያደረግኸኝ?"

"እማዬ፣ ክፉ ሰው ቢሰርቅ ተመልካች አያዝንም። ጥሩ ሰው ሲሳሳት ነው የሚያዝነው። እኔ የማውቀው ጥሩ ሰው ደግሞ አንቺ ብቻ ነሽ።"

አባ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ወደዱለት። እኔ ግን እንዲህ በቀላሉ አልሸወድም።

"ማስቲካውስ? እህል በረንዳ ውስጥ ማስቲካ የምታኝክ አሮጊት የት አየህ?"

ጆሮውን ማከክ ጀመረ። ልጅ ሆኖም ሲያጠፋ ልማዱ ይኸው ነበር።

"ተናገር!"

ቀስ ብሎ ጫማውን አወለቀ፣ መሬቱን በእጁ ጠራረገና ለመስገድ ተንበረከከ።

"ማስቲካው የእኔ ነው፣ እማዬ። አንቺ ኪዳን ልታደርሺ ራጉኤል ስትሄጂ ሚዛኑን ለእኔ ትተዪልኝ ነበር። ከሰው ያጎደልኩትን ሽምብራ ለቪዲዮ ቤቱ በረኛ እሰጠዋለሁ፣ እሱም በነጻ ያስገባኛል። ፊልም የተማርኩት እዚያ ነው። በራሴ ስም ልናዘዝ ብዬ አፈርኩና ለኃጢአቴ ያንቺን ሻሽ አሰርኩለት።"