ጋሼና ጃፓናዊው ረዳት ተዋናይ

ባለፈው ሰሞን እዚህ አሜሪካ፣ ኦሮራ ከተማ፣ ቻምበርስ ሮድ አካባቢ ካለ አሮጌ ዕቃ መሸጫ ገብቼ አንድ የቪዲዮ ካሴት አነሳሁ። ማቀፊያውን ስከፍተው ያ የማውቀው ሽታ መጣ፤ ፕላስቲክና አቧራ። የጃፓን ፊልም ነው። ሽፋኑ ላይ ያለውን ዋና ተዋናይ አላወቅሁትም። ከኋላው ትሪ ይዞ የቆመውን ሰውዬ ግን ወዲያው ለየሁት።

በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ መጀመሪያ፣ ዴንቨር ከተማ፣ ካፒቶል ሂል በሚባል ሰፈር ከጋሼ ጋር አንድ አፓርታማ ተጋርተን እንኖር ነበር። ዘመዴ አይደሉም፤ ቀድመው የመጡና እኔን ያስጠጉኝ ሰው ናቸው። አዲስ አበባ እያሉ ሃያ ዓመት ሙሉ ቴያትር ሠርተዋል። ታዲያ አንድ ቀን ንጉሥ ሆነው አያውቁም። ዘበኛ፣ አሽከር፣ መልእክተኛ፣ ቢበዛ ሽማግሌ። ዴንቨር ደግሞ ሆቴል ውስጥ አስተናጋጅ ሆኑ፤ «ይኼንንም ድሮ ተጫውቼዋለሁ» ይሉ ነበር።

ኮልፋክስ ጎዳና ላይ በነበረው ቪዲዮ ማከራያ ቤት ውስጥ ማንም የማይነካው የጃፓን ፊልም መደርደሪያ ነበረ። ጋሼ ከዚያ ሌላ አይከራዩም። ከሥር የሚያልፈው የእንግሊዝኛ ጽሑፍ ስለሚፈጥንባቸው እኔ እያነበብኩ በአማርኛ እነግራቸዋለሁ። አንድ ከሰዓት፣ «ይኼ ሰውዬ ያለፈው ሳምንት ሽፍታ አይደለም እንዴ?» አሉ። እውነትም እሱ ነው። ከዚያ ወዲያ ሥራችን እሱን መከታተል ሆነ። የተዋንያኑ ስም በጃፓንኛ ብቻ ስለሚጻፍ ማን እንደሆነ አናውቅም፤ «የኛ ሰው» አልነው። በአንዱ ፊልም ከሲታ ሽፍታ፣ በሌላው ቦርጫም ነጋዴ፣ ሰካራም ዓሣ አጥማጅ፣ የመንደር ሐኪም። በቅደም ተከተል ስለማንከራይ ማክሰኞ ያረጀው ሰውዬ ሐሙስ ጎረምሳ ሆኖ ይመጣል። ዕድሜ ልኩን ሠርቶ አንድም ፊልም የራሱ አልሆነም።

«ምናለ አንዴ እንኳ ዋናውን ቢሰጡት?» አልኩ።

ጋሼ ሳቁብኝ። «ዋናው የሚጫወተው ለተመልካቹ ነው። ረዳቱ የሚጫወተው ለዋናው ነው፤ እሱ እንዳይወድቅ።»

በዚያ የበረዶ ወቅት አገር ቤት ያለችው እናቴ ታማ ነበር። የመኖሪያ ወረቀቴ እስኪሰጠኝ ሄጄ ላያት አልችልም። እሑድ እሑድ እየደወልኩ «ትንሽ ጠብቂኝ» እላታለሁ።

አንድ ረቡዕ ከሥራ ስመለስ ጋሼ እራት ሠርተው ጠበቁኝ። ሐሙስም፣ ዓርብም እንዲሁ። «ብላ እንጂ፣ ከሳህ እኮ» ይሉኛል። በየቀኑ ፊልም አየን። የኛ ሰው መነኩሴ ሆኖ ሰክሮ ጭቃ ውስጥ ሲወድቅ ጋሼ ከእኔ በላይ ሳቁ። አንዴ ብቻ፣ ሐኪም ሆኖ ከታማሚዋ ክፍል አንገቱን ደፍቶ ሲወጣ፣ ሪሞቱን አንስተው ፎርዋርድ አደረጉት። «ያየነው ነው» አሉ። አላየነውም ነበር።

ቅዳሜ ጎህ ሲቀድ በር ተንኳኳ። ስምንት ሰዎች ጥቁር ለብሰው ገቡ። ማንም አፉን ሳይከፍት ገባኝ። እናቴ ያረፈችው ማክሰኞ ነበር። መርዶውን እህል ቀምሼ፣ ሰው ሥራ በማይገባበት ቀን፣ በወገን ተከብቤ እንድሰማ ተብሎ ነው የተቆየው። ደንቡን አውቀዋለሁ፤ በሌላ ሰው ሲደረግ ደግ ነገር ይመስለኝም ነበር።

«ጋሼ፣ ሦስት ቀን ሙሉ እያወቁ ነው አብረውኝ ሲስቁ የነበሩት?» አልኳቸው።

«አዎ» አሉ። ሆድ ለባሰው ማጭድ አታውሰው ይባል የለ፤ የማይባል ነገር ተናገርኳቸው። በወሩ ዕቃዬን ይዤ እዚያው አጠገብ ኦሮራ ገባሁ።

ሁለት ዓመት ያህል ካለፈ በኋላ ያን ቅዳሜ ሊያረዱኝ ከመጡት ሽማግሌዎች አንዱ ደወሉልኝ። አዲስ አበባ የቀረችው የጋሼ አንድያ ልጅ አርፋለች። «እስከ ቅዳሜ አብረሃቸው ሰንብት። አደራ፣ እንዳያውቁ፤ ምግብም አብላቸው» አሉኝ።

ረቡዕ ዕለት ወጥና ካሴት ይዤ ሄድኩ። ጋሼ ምንም እንዳልተቀያየምን ሁሉ ስመው አስገቡኝ። ሦስት ቀን ቀለድኩ፤ የኛ ሰው ብቅ ባለ ቁጥር «መጣ፣ መጣ!» እያልኩ አሳየኋቸው። ጋሼ በሉ። ሳቁ። ስለ አገር ቤት አንድም ነገር አልጠየቁኝም። እኔም፣ አፍሬ ነው የምናገረው፣ ቻልኩበት ብዬ ኮራሁ።

ቅዳሜ ንጋት ላይ በር ሲንኳኳ ከሶፋው ዘልዬ ተነሳሁ። ጋሼ ቀድመውኛል። ጥቁር ሱፋቸውን ለብሰው ነጠላ ደርበዋል። ጠረጴዛው ተነስቶ ወንበሮቹ በግድግዳው ዙሪያ፣ ለቀስተኛ እንደሚደረገው፣ ተደርድረዋል። ለካ ረቡዕ ዕለት ወጡን ይዤ በራቸው ላይ ስቆም ፊቴን አይተው አውቀው ኖሯል።

ሽማግሌዎቹ ቤቱን አዩና ወደ እኔ በቁጣ ዞሩ። ጋሼ እጃቸውን ትከሻዬ ላይ አደረጉ።

«እሱን ተዉት። ምንም አልነገረኝም፤ በደንብ ነው የያዘኝ።»

ከዚያ በሩ አጠገብ ካለው ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ ነጠላቸውን ትከሻቸው ላይ አስተካከሉና «በሉ፣ እንግዲህ ንገሩኝ» አሉ።