ሦስት ሲባዛ በኔጌቲቭ ሩብ

በአዲስ አበባ ማስተር ፕላን ግርግር ሰሞን ቡራዩ ውስጥ የሰባተኛ ክፍል ሒሳብ አስተምር ነበር። መንገድ ሲዘጋ ትምህርትም ይዘጋል፤ ልዋሽ አልፈልግም፣ አንዳንዴ ደስ ይለኝ ነበር።

ኔጌቲቭ ክፍልፋይን በሙሉ ቁጥር ማባዛት ላይ የደረስን ቀን መንገዱ ክፍት ነበር። የመጽሐፉ ምሳሌ ከዜሮ በታች ስለቀዘቀዘ ከተማ ያወራል፤ ተማሪዎቼ በረዶውን የት ያውቁታል? እኔ ደግሞ አገር የሚያውቀውን ጻፍኩ፦ ከአንድ ገበሬ መሬት ላይ ሦስት ጊዜ፣ በየጊዜው ሩብ ሄክታር ቢቀነስ ለውጡ ስንት ነው? ሦስትን ከላዕሉ ጋር አባዛን፣ ታህቱን አልነካንም፣ የመቀነስ ምልክቱን ይዘን ወረድን። «ኔጌቲቭ ሦስት አራተኛ!» አለ ክፍሉ በአንድ ድምፅ። ሒሳብ እንደዚያ ቀን ገብቷቸው አያውቅም። አፍ ሲያመልጥና ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይባላል፤ ጠመኔም እንደዚያው ነው።

በሳምንቱ ወላጆች በተገኙበት ለግምገማ ተጠራሁ። ከቀበሌ የመጣው ሰብሳቢ የአንድ ተማሪ ደብተር ገልጦ ይዟል።

«መሬት ላይ ኔጌቲቭ ያደረገው ማን ነው?»

«የሒሳብ ሕግ ነው» አልኩ።

«ልማት ኔጌቲቭ የለውም። ግለ ሂስ አድርግ።»

በዚያ ሰሞን ግምገማ ላይ የወደቀ መምህር ከሥራው ይታገድ ነበር። ሁለት ልጆች አሉኝ፣ የምኖረውም በኪራይ ነው። ፈራሁ። ተነሥቼ ምልክቱ በችኮላ የገባ ስህተት መሆኑን፣ ትክክለኛው መልስ ፖዘቲቭ ሦስት አራተኛ መሆኑን አመንኩ። ሰብሳቢው መልሱን ለድምፅ አቀረበው፤ በአንድ ድምፀ ተአቅቦ ጸደቀ።

ድምፀ ተአቅቦ ያደረጉት ሁላችንም ኦቦ የምንላቸው፣ ከኋላ የተቀመጡ ሽማግሌ ገበሬ ነበሩ። ብድግ አሉ።

«መምህር፣ እኔ ፊደል አልቆጠርኩም። አንድ ሄክታር ነበረኝ። ሦስቴ መጡ፣ ሦስቴም ሩብ ሩብ ወሰዱ። አሁን ባጸደቃችሁት ከሆነ ግን ሦስት ሩብ ተጨምሮልኛል። በሬዎቼን ነገ የት ወስጄ ልጥመዳቸው?»

ሰብሳቢው እንድመልስ በዓይኑ አዘዘኝ። መልሱን አውቀዋለሁ፤ የቀረችዎት ሩብ ሄክታር ብቻ ናት ማለት ነበረብኝ።

«ኦቦ፣ አንቱ ይቀመጡ፤ ጥያቄዎ ለሚመለከተው አካል ይቀርባል» አልኩ።

«ገለቶማ፣ መምህር» ብለው በኦሮምኛ አመሰገኑኝ። «ሦስቴ የመጣውኮ እሱው የሚመለከተው አካል ነው።»

ከሥራዬ አልታገድኩም። እሳቸውን መንገድ ላይ ሳይ ግን ወደ ማዶ እሻገር ነበር።