ለፋሲካ የተገዛው ቅቤ

በዐቃቤ ሕግነት ሐረር የተመደብኩት ከዩኒቨርሲቲ በወጣሁ ዓመት ነው። አዲሱ የወንጀል ሕግ ታትሞ ብዙም አልቆየም፤ እኔም ግማሹን በቃሌ ስለያዝኩት ከዚህ በኋላ የምማረው ያለ አይመስለኝም ነበር። ቤት የተከራየሁት አቦከር ሰፈር፣ ልጆቻቸው ድሬዳዋና አዲስ አበባ ከሄዱባቸው አንዲት እናት ግቢ ነው። ጾም አክባሪ ናቸው፤ ሁዳዴ ከተጋመሰ በኋላ ግን ከጸሎቱ እኩል ስለ ፋሲካው ዶሮ ያወራሉ።

በዓሉ ሁለት ቀን ሲቀረው ሸዋ በር ሱቅ ካለው የቅቤ ነጋዴ ደንበኛቸው ቅቤ ገዙ። ሲያነጥሩት ግማሹ እንደ ገንፎ ድስቱ ሥር ተጣብቆ አረረ። የተረፈውን ወጡ ውስጥ ቢጨምሩት እንደ ሰም ረጋ። በበዓሉ ጠዋት ሁለት ጉርሻ ቀምሰው ሰሃኑን ገፋ አደረጉት። እኔ ይሉኝታ ይዞኝ በላሁ፤ ሆዴን ሁለት ቀን ሙሉ አመመኝ።

እሳቸው ግን ለእኔ አንዲት ቃል ሳይተነፍሱ፣ ያልተነጠረውን ቅቤ በጣሳ ይዘው ፖሊስ ጣቢያ ሄዱ። ፖሊስ ከሱቁም ናሙና ወስዶ አዲስ አበባ ላከ። የላቦራቶሪው ውጤት ቅቤው በሙዝና በሚረጋ ዘይት የተደባለቀ መሆኑን ይዞ ሲመለስ፣ መዝገቡ ዞሮ ዞሮ ጠረጴዛዬ ላይ አረፈ። ምስክሯ አከራዬ ናቸውና ለሌላ ይሰጥልኝ ብዬ ለአለቃዬ አመለከትኩ። አለቃዬ ከወረቀቱ ቀና ሳይል፣ በዚህ ከተማ ቅቤ የማይገዛ ዐቃቤ ሕግ ካገኘሁ እሰጠዋለሁ አለኝና ወደ ሥራው ተመለሰ።

የቀረው ቅቤ በሻይ ክፍሉ ፍሪጅ ተቀመጠ። «ኤግዚቢት፣ አይነካም» ብዬ በትልቁ ጽፌ ለጠፍኩበት። ያም ሆኖ ለጋ ነው ወይ ብሎ የሚጠይቀኝ አልጠፋም።

ሕጉ ሆን ብሎ ምግብ የበረዘውን ይቀጣል። በቸልተኝነት የሸጠውም አያመልጥም፤ ቅጣቱ ግን ይቀልለታል። ነጋዴው ቅቤውን ከገጠር እንዳለ ነው የተረከብኩት፣ ወላሂ አላውቅም አለ። እንግዲህ ማወቁን ማስረዳት የእኔ ፋንታ ሆነ። ዐሥራ አንድ ጥያቄ አዘጋጅቼ ችሎት ገባሁ።

አከራዬ ስለ ድስቱና ስለ ወጡ መስከሩ። ጠበቃ ያላቆመው ነጋዴ እንዲጠይቅ ዳኛው ሲፈቅዱለት፣ እንደ ሰፈሩ ልማድ እናት ለማለት «አዴ» ብሎ ጠራቸው።

«አዴ፣ ይህን ሁሉ ዓመት ስሸጥልዎ በደልኩዎት? ምነው መጀመሪያ ለእኔ ቢነግሩኝ?»

«የማላውቀው ሰው ቢሆን ገበያ ቀይሬ እተወው ነበር» አሉት። «አንተን ስለማምንህ ሳላሸት ነው የገዛሁት።»

ዳኛው ነጋዴውን ሌላ ጥያቄ እንዳለው ሲጠይቁት የለኝም አለና፣ ዝቅ ባለ ድምፅ «ሙዙን የቀላቀልኩት እኔ ነኝ» አለ። ለበዓሉ ቅቤ ጠፍቶ ደንበኞቼን እንዳላጣ ብዬ ነው አለ። ዐሥራ አንዱን ጥያቄ አጥፌ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩ።

ቀላል እስራት ተፈረደበት፤ ስላመነ ቅጣቱ በገደብ ሆነለት፣ ንግድ ፈቃዱም ለጊዜው ታገደ። እኔ የመጀመሪያ ድሌን ይዤ እየበረርኩ ቤት ገባሁ። አከራዬ ግን ደጃፍ ላይ ምስር እየለቀሙ ቀና አላሉም። አልተደሰቱም ወይ ስላቸው ሦስት ሴት ልጆች እንዳሉት ነገሩኝ። የታመመ ሰው ቢኖርስ ብዬ ሕጉን ላስረዳቸው ጀመርኩ።

«ገባኝ እኮ፣ ልጄ። ከሰስኩት እንጂ አልጠላሁትም» አሉኝ። አጠገባቸው ተቀምጬ ምስሩን አብሬ ለቀምኩ።

እገዳው አልቆ ሱቁ ሲከፈት ነጋዴው በሩ ላይ የጋዝ ምድጃ አስቀመጠ። ለገዢው ሁሉ አንድ ማንኪያ ቅቤ ፊቱ ያቀልጥለታል። ከቀደሙት ገዢዎች አንዷ አከራዬ ነበሩ። እኔ አፍሬ ለወራት ያህል ከፈረስ መጋላ ገበያ ስገዛ ከረምኩ። አንድ ቀን በደጁ ሳልፍ አየኝና ጠራኝ። ማንኪያዋን እሳቱ ላይ ይዞ «ይዩት፣ ዐቃቤ ሕግ» አለኝ። ቅቤው ጥርት ብሎ ቀለጠ።

አንድ ኪሎ ገዛሁ። ቤት ስደርስ ግን ደግሜ አቀለጥኩት።