የሚስትየዋ አሻራ የሌለበት ውል

«ሸጧል። አልሸጠም አላልኩም። እኔን ግን ማን ጠየቀኝ?» አለች ሴትዮዋ፣ መዳፏን ዳኛው ፊት በተዘረጋው መዝገብ ላይ አሳርፋ።

«እማማ፣ እጅዎን ከመዝገቡ ላይ ያንሱልኝ» አለ ዳኛው። «አስተርጓሚ ካስፈለገዎት አለ።»

«እሱ? የሱ በርታኛ ከኔ አማርኛ ይብሳል።»

አግዳሚው ላይ የተቀመጡ ባለጉዳዮች ሳቁ። አስተርጓሚውም አብሮ ሳቀ። እኔ አልሳቅኩም፤ ያዘንኩም አይመስለኝም። መዝገቡን የሰፉበት ሰማያዊ ክር አንድ ቦታ ላይ መላላቱን እያየሁ ነበር።

«ክቡር ዳኛ» አለ አባቴ፣ «ባልየው አምኗል። ሸጫለሁ ብሏል። ካመነ ሰው ጋር ምን ያከራክረናል? ቤቴን ያስረክበኝ ነው የምለው።»

ባልየው እውነትም አምኗል። ባለፈው ቀጠሮ «በውሉ ላይ ፋቲሃ ተቀርቷል፣ ቃሌን አላጥፍም» ብሎ ቃሉን ሰጥቷል። ዛሬ ግን ቆቡን ጉልበቱ ላይ አድርጎ መሬት መሬት ያያል። ቤቱን አናስረክብም ብላ ጣልቃ የገባችው እሷ፣ ሚስቱ ናት።

«ቤቱን ማን መረገው?» አለች። «እሱ ሱዳን ሲነግድ ነበር። ጭቃውን እኔ ረገጥኩ። ቀርከሃውን እኔ አሰርኩ። እሱ መጣ፣ ቆርቆሮ አለበሰ፣ ከዚያ ሸጠ።»

ክልሉ ያኔ አዲስ ነበር። አሶሳ ዋና ከተማ ተብላ፣ ከየአቅጣጫው የመጣው ሠራተኛ ሁሉ ቤት ይፈልጋል። ፍርድ ቤቱ ራሱ የሚያስችለው የእህል መጋዘን በነበረ ቤት ውስጥ ነው፤ ጥግ ጥጉን ብታዩ የማሽላ ፍሬ አይጠፋም። አባቴ ከወሎ ያመጡት ሰፋሪ ነው። ከሰፈራ መንደሩ ወጥቶ ከተማ ሊገባ በሬዎቹን ሸጦ፣ ጎጆውንና ማሳውን ለአጎቴ ለቆ፣ ይህን ቤት ገዛ። ርክክቡ ሲዘገይ አንዲት ክፍል ተከራይተን ለአምስት ገባንባት። ከውሉ ወዲህ ዋጋው ስለናረ፣ በከፈለው ብር በከተማው ውስጥ ቤት ቀርቶ ማድ ቤትም አይገኝም። ውሉ ካልጸና መንደሩም የእኛ አይደለም፣ ከተማውም የእኛ አይደለም።

ውሉን የጻፍኩት እኔ ነኝ። ትምህርቴን ከስድስተኛ ክፍል አቋርጬ፣ የተገኘውን ሁሉ እያነበብኩ ግጥም የምጽፍበት ጊዜ ነበር። አዋሳኞቹን፣ በምሥራቅ መንገድ፣ በምዕራብ የማንጎ ተክል፣ እያልኩ ስጽፍ ቤት እንዲመታልኝ ሁሉ ሞክሬያለሁ። እስከዚያ ቀን ከጻፍኩት ሁሉ ሰው የፈረመበት እሱ ብቻ ነበር።

«ውሉን የጻፍከው አንተ ነህ?» አለኝ ዳኛው።

«እኔ ነኝ።»

«ውሉ ሲፈረም ሚስትየዋ ነበረች?»

አባቴ ጠዋት በር ላይ ክርኔን ይዞ «ተስማምታለች በል» ብሎኛል። «ስትስቅ አይተሃት የለም? ያልተስማማ ሰው ይስቃል?»

ስትስቅ አይቻታለሁ። በግቢያቸው ማንጎ ሥር ምንጣፍ ተነጥፎ፣ ፋቲሃው ተቀርቶ፣ ሦስቱ ሽማግሌዎች በየተራ አውራ ጣታቸውን ቀለም እየነከሩ ሲያሳርፉ፣ እሷ የእጅ ማስታጠቢያውን ይዛ በራፉ ላይ ቆማ ነበር። ሦስተኛው ሽማግሌ ቀለሙን በጺሙ ሲጠርግ ሳቀች። እኔ የቀለሙን ሳጥን አንስቼ «እሷስ?» አልኩ። አባቴ ጉልበቴን ተጫነኝ። «ተው አንተ። የሰው ሚስት በወንዶች ፊት ጣቷን ልታስጠቁር? ነውር ነው።» ባልየውም ደስ አለው። «አንተ ወግ ታውቃለህ» አለው። አባቴ ያንን ቃል ለሳምንት ያህል ለጎረቤቱ ሁሉ ሲያወራ ሰነበተ።

«ነበረች» አልኩ ለዳኛው። «በራፍ ላይ ቆማ ነበር።»

«ተጠይቃለች?»

«አልተጠየቀችም።»

«ለምን?»

«ልጠይቅ ብዬ ነበር። አባቴ ነውር ነው፣ ተው አለኝ።»

ጸሐፊዋ የተናገርኩትን ጻፈች። እስክሪብቶዋ አልጽፍ ሲላት አራግፋ ቀጠለች። የሆነ ነገር ይሰማኛል ብዬ ጠበቅኩ፤ የተሰማኝ የጫማዬ ጥበት ብቻ ነው።

አባቴ ዳኛውን ትቶ ወደ ሴትዮዋ ዞረ። «ላከብርሽ ብዬ ነው» አላት።

«ማክበርህን ማን ነገረኝ?»

«በወንድ መሃል መጥራት...»

«አንተ ጥሩ ሰው ነህ» አለች። ድምጿ ዝቅ ብሏል። «ያን ቀን ብትጠይቀኝ እፈርም ነበር። ወንዝ ዳር መሬት አለን፣ እዚያ እንሄድ ነበር።»

ዳኛው ብዕሩን አስቀመጠ። «አሁንስ? አሁን ቢፈርሙ ነገሩ እዚሁ ያልቃል።»

አባቴ ቀና አለ። እኔም ቀና አልኩ።

ባሏን አየችው። እሱ አላያትም። «አሁን ልጄ ከባሏ ተፋታ መጥታለች» አለች። «ሦስት ልጅ ይዛ። ቤቱ ውስጥ ናቸው። አሁን አልፈርምም።»

ዳኛው ጥቂት ጽፎ ውሳኔውን ማንበብ ጀመረ። ቤቱ የጋራ ንብረት መሆኑን፣ የሚስት ፈቃድ አለመኖሩን፣ ውሉ ይፈጸምልኝ የሚለው ጥያቄ ተቀባይነት ማጣቱን፣ ሻጭ የተቀበለውን እንዲመልስ መታዘዙን በአንድ ዓይነት ድምፅ አነበበው። ይግባኝ የሚለው ጋ ሲደርስ አባቴ ተነሳ።

«አባት፣ አላለቀም» አለው ፖሊሱ።

«ለእኔ አልቋል።»

በባልየው ፊት ሲያልፍ ሰውየው እጁን ዘረጋለት፤ አባቴ ጨበጠው። ወደ እኔ ግን አላየም። የመጋዘኑን የብረት በር በትከሻው ገፍቶ ወጣ፤ በሩም በራሱ ክብደት ተመልሶ ተዘጋ።